ቁስሉን ብቻ የሳለው ሰዓሊ

ያፌት የሚባል የፊልም ተማሪ አጭር ፊልሙን ለመምህርቱ ለወይዘሮ አልጋነሽ አሳያቸው። ፊልሙ ታሪክም ንግግርም የለውም፤ አንዲት ልጅ ራሷን ስትጎዳ ብቻ ያሳያል። «ይህን ቁረጠው» ሲሉት ተቆጣ።

«እውነት አይደለም እንዴ? እውነትን ማሳየት ምኑ ላይ ነው ጥፋቱ?» አላቸው።

መምህርቷ ላፕቶፑን ጥርቅም አድርገው ዘጉት።

«አንድ ሰዓሊ ነበረ» አሉ። «ጎረቤቱ የሆነች አንዲት ሴት ሐዘን ጸንቶባት ራሷን ትጎዳ ነበር። ታላቅ እህቷ ደረሰችላት። አጠገቧ እያደረች፣ ሐኪም ዘንድ እየወሰደች፣ ቀስ በቀስ ከሰው ቀላቀለቻት። ሴትዮዋ ይህን ሁሉ ለሰዓሊው አጫወተችው። ‹ሳለው፤ እንደኔ የሆነ ሰው ይየው› አለችው።

«ሰዓሊው ሳለ። የሳለው ግን ቁስሉን ብቻ ነው። ፊት የለ፣ እህት የለ። ሥዕሉ ለሕዝብ ሲሰቀል ሰው ጎረፈ። ‹ቀለሙን እዩት!› ተባለ። እሱም ቀለሙን እንዴት እንደበጠበጠው ያስረዳ ጀመር።

«ሴትዮዋም መጣች። ብታይ ቁስሏ እንጂ እሷ የለችም። ዞር ስትል ከአድናቂዎቹ ኋላ የቆመች አንዲት ወጣት አየች። ወጣቷ አታደንቅም። ሥዕሉን ታያለች፣ የገዛ ክንዷን ታያለች፣ እጅጌዋን እስከ ጣቷ ትጎትታለች። ሴትዮዋ ይህን አስተያየት ታውቀዋለች። ነጠላዋን ገፍፋ ሥዕሉ ላይ ጣለችበት።

«‹ሥራዬን!› ብሎ ጮኸ ሰዓሊው።

«‹ሥራህን ታቅፈህ ቁጭ በል! እህቴን የት አደረስካት? ይህች ልጅ ይህን አይታ ወደ ማን ትሂድ?› አለችው። ከዚያም የወጣቷን እጅ ያዘች። ‹ነይ እናቴ፣ እኔም እንዳንቺ ነበርኩ። እህቴ ጋ እንሂድ› ብላ ይዛት ወጣች።»

መምህርቷ ወደ ያፌት ዞሩ።

«ያ ሰዓሊ አንተ ነህ። ዝም በል አላልኩህም፤ ሕመሙ አለ፣ ይነገር። ግን ካሜራህ ቁስል ላይ ተተክሎ ሲውል የልጅቷን ፊት አላየም፤ በሯን የሚያንኳኳ ሰውም አልፈለገም። እውነቱን ቆርጠህ የጣልከው አንተ ነህ እንጂ እኔ አይደለሁም! ፊልምህ በሚታይበት አዳራሽ እጅጌዋን የምትጎትት ልጅ ትኖራለች። አንተ ሲጨበጨብልህ እሷን ማን ቤቷ ያደርሳታል?»