የእንየው መግነዝ

በእኛ ቆላ የታመመ ሰው «ወጡ ጨው አነሰው» ብሎ ከተቆጣ ቤተሰቡ አይከፋም። እርስ በርሱ ይተያይና ፈገግ ይላል። እንዲህ ሲሆን የምትባል አንዲት አባባል አለች። ልጅ አዋቂው ያውቃታል፤ ከየት እንደመጣች የሚያውቀው ግን እያነሰ ሄዷል።

ነገሩ የዘርፌና የባሏ የእንየው ነው።

ጦርነቱ ከጓንግ ወንዝ ወዲህ ያለውን አገር ሲያቃጥል፣ ሰው ያገኘውን እያነሳ ወደ ሱዳን ተሻገረ። ዘርፌ ድስቷን ልታነሳ ጎንበስ ስትል እንየው እጇን ይዞ ጎተታት። «ተይው፣ ይከብዳል» አላት። እሱ ግን ትከሻው ላይ ስልቻ ነበረ። ስልቻው ውስጥ ያለው መግነዙ ነው፤ ዘርፌ ራሷ ፈትላ ለሸማኔ የሰጠችው ነጭ ኩታ። በእኛ ዘንድ ሰው ፀጉሩ መሸበት ሲጀምር መግነዙን አዘጋጅቶ ያኖራል፤ ሲሞት ለሌላው ሸክም እንዳይሆን። ዘርፌ መንገዱን ሙሉ አጉረመረመች።

«ድስቴን አስጥሎ ሞቱን ተሸከመ! ምን ልንበላ ነው? መግነዝ ልንቀቅል?»

«የምንሄደው ሰው አገር ነው» አለ እንየው። «ድስት የትም ይገኛል። እዚያ ብሞት ማን ያለብሰኛል?»

በስደተኛው ሰፈር የሣር ጎጆ ቀለሱ። ማሽላ አጨዳ እየተቀጠሩ ኖሩ። በሁለተኛው ዓመት የቆላው በሽታ እንየውን ያዘው። ትኩሳቱ አልለቅ አለ፤ ጣፊያው አብጦ ሆዱ ተነፋ፤ እግሩ እንደ ዱላ ቀጠነ። የሰፈሩ ድሬሰር መርፌ ጀመረለትና ዘርፌን ወደ ውጭ ጠራት።

«እናቴ፣ መድኃኒቱ ያድነዋል። ባዶ ሰውነት ላይ ግን አይሠራም። ይብላ። ወተት ካገኘሽ ወተት ስጪው።»

እንየው ግን መብላት ትቷል። «ቀኑ የደረሰ ሰው እህል አያባክንም» ይላታል። ዘርፌ ገንፎ ይዛ አጠገቡ ትቀመጣለች፤ ገንፎው ይቀዘቅዛል። የሱ ዓይን ራስጌው ከተሰቀለው ስልቻ አይነሳም። እሷም ስልቻውን ታየዋለች። እያደር ጠላችው። ባሏን ይዞ ሊሄድ የተቀመጠ እንግዳ መሰላት።

ከሰፈሩ ማዶ ኢድሪስ የሚባል ፍየል አርቢ ነበረ። መተማ ገበያ እየተመላለሰ አማርኛ ለምዷል። በጦርነቱ ጨርቅ የሚባል ነገር ጠፍቶ ነበርና ነጭ ኩታ ብርቅ ነው። አንድ ቀን ትኩሳቱ እንየውን ሲያስተኛው ዘርፌ ኩታውን አወጣች፤ ስልቻውን ጭድ ሞልታ መልሳ ሰቀለችው። ኢድሪስ ኩታውን ዳበሰና አንዲት የምትታለብ ፍየል ፈታላት።

«እንዲህ ያለ ነገር ለምን ትሰጫለሽ?» አላት።

«ባለቤቱ ገና አይፈልገውም» አለችው።

እንየው የቀረበለትን ወተት ለሷ ብሎ ከንፈሩን ነከር ያደርግበታል፤ ከዚያ ፊቱን ያዞራል። አንድ ጠዋት «ቄስ ምናሉን ጥሪልኝ» አላት። ቄስ ምናሉ አብረዋቸው የተሰደዱ የንስሐ አባታቸው ናቸው። መስቀላቸውን ይዘው መጡ፤ ጎረቤቱም ደጃፍ ተሰበሰበ።

«አስቀድመው መግነዜን ይባርኩልኝ» አለ እንየው። «አንቺ፣ አውጪው እንጂ።»

ዘርፌ አልተነሳችም። ቄሱ ራሳቸው ስልቻውን አውርደው ፈቱት። ጭድ ፈሰሰ።

እንየው በክርኑ ተደግፎ ቀና አለ። ቀና ካለ ስንት ጊዜው!

«መግነዜ የታለ?»

«ደጅ ታስራለች» አለች ዘርፌ። «ትታለባለች።»

«በኢድሪስ ፍየል ለወጥሽው? ምን ለብሼ ልቀበር ነው?»

«አትቀበር።»

«አባ፣ ይስሟት እንጂ! በሰው አገር እንደ ውሻ ልጣል?»

«የፈተልሁት እኔ ነኝ» አለች ዘርፌ። «የምትለብሰውም እኔ ባልሁት ቀን ነው።»

«እንግዲያው እግዜር ይስማኝ! መግነዜን ሳላስመልስ አልሞትም!»

«አሜን» አሉ ቄስ ምናሉ። መስቀላቸውን ኪሳቸው ከተቱ። «አልሞትም ያለን ሰው ምን ብዬ አናዝዘዋለሁ? ሲቆርጥልህ ትጠራኛለህ።»

ደጃፍ ያለው ሁሉ ሳቀ። እንየው አልሳቀም።

«ወተቱን አምጪ» አላት። «ማዶ የምሄደው በምን ጉልበት ነው?»

ከዚያ ወዲያ እየተሳደበ ጠጣ፤ እየተሳደበ በላ። ድሬሰሩ መርፌ ሲወጋው የኩታውን ነገር እንደ አዲስ ይነግረዋል። ስድቡ የበረደ ሲመስላት ዘርፌ ትሰጋለች። «ጥሩ ፍየል ናት እኮ» ትለዋለች፤ ይነሳበታል። ዱላ ይዞ እስከ ደጅ ወጣ። ሰነባብቶ ሰፈሩ ዳር እስካለው ግራር ደረሰ። ሆዱም ጎደለ።

የማሽላው አጨዳ ሲጀመር ፍየሏን በገመድ እየጎተተ ማዶ ተሻገረ። ዘርፌ ራቅ ብላ ተከተለችው።

«ኢድሪስ! ፍየልህን ያዝ፣ ኩታዬን መልስ!»

ኢድሪስ ሴት ልጁን ጠራት። ወጣቷ አራስ ሕፃን ታቅፋ ብቅ አለች። ሕፃኑ የተጠቀለለው በኩታው ነው። ሸንቶበታል፤ ወተትም አስታውኮበታል።

«ያንተ ነው፣ ውሰደው» አለ ኢድሪስ አፍሮ።

ልጅቱ መፍታት ጀመረች። የጠዋቱ ንፋስ ሕፃኑን ነካውና አለቀሰ።

«ተዪው!» ብሎ ጮኸ እንየው። «ንፋስ ይመታዋል!»

እጁን ዘርግቶ የኩታውን ጫፍ መልሶ አለበሰው። ጫፉ ላይ ክሩ ወፈር የሚልበት ቦታ አለ፤ ዘርፌ ስትፈትል ያንቀላፋችበት። አውራ ጣቱን እዚያ ላይ ጥቂት አቆየ። ከዚያ ፍየሏን ይዞ ተመለሰ።

ግራሩ ሥር ቄስ ምናሉ ከሰዎች ጋር ተቀምጠው ነበር።

«አስመለስኸው?»

«ሰው ለብሶታል አባ። የሚሄድ አይደለም፣ የመጣ ሰው ነው» አለ እንየው። «በሉ እሷ ሌላ ትፍተልልኝ።»

«ጥጥ የለም» አለች ዘርፌ ከኋላው። «አገራችን ስንገባ ትዘራለህ፤ ያን ጊዜ እፈትላለሁ።»

«እስከዚያስ?»

«እስከዚያማ አትሞትም። ምለሃል።»

እንየው ፍየሏ ጥላ ታግኝ ብሎ ግራሩ ላይ ያስራት ጀመር። ቄስ ምናሉ ሥጋ መያዝ የጀመረውን ጉንጩን አይተው፣ ወደ ሰዎቹ ዞር አሉና «ስለ መግነዙ ሲሟገት ሞቱ ሰልችቶት ሄደ» አሉ።