ወለሉ እስኪተነፍስ

አንድ ሰው ነበር። የሚስቱ እግሮች በሕመም ዛሉና ከሆስፒታል በዊልቸር ትወጣለች ተባለ። የቤቱ ወለል ግን አባጣ ጎርባጣ ነው። እሷ ደግሞ አንድ ነገር ብቻ ለምናው ነበር፤ «እባክህ፣ በገዛ ቤቴ ሰው እየገፋኝ አልኑር።»

ምን ያድርግ? ጠይቆ አስጠይቆ የጀሶ ወለል መረጠ። ሲሚንቶ በስታጃ ጣውላ እየተጎተተ ነው የሚስተካከለው፤ ይሄ ግን ቀጥኖ ተበጥብጦ ሲፈስ፣ እንደ ኩሬ ውኃ ራሱ ቦታውን ፈልጎ ይተኛል። ያፈሰሰለት ባለሙያ ሲሄድ፣ «ጋሼ፣ ላዩ ቶሎ ይጠነክራል፤ ሆዱ ግን ገና ውኃ ነው። መስኮት ይክፈቱለት እንጂ ምንም እንዳያለብሱት» አለው።

አላለበሰውም? አለበሰው እንጂ! መምጫዋ ደረሰ። ጎረቤት «እንኳን ለቤትሽ አበቃሽ» ሊል ይጎርፋል። በራቁት ወለል ይቀበላቸው? በተረከዙ መታ መታ አደረገው፤ ድንጋይ ነው። «ደርቋል» አለ። የሚያብረቀርቅ የፕላስቲክ ምንጣፍ በማጣበቂያ ለጥፎ ዘጋው።

ጎረቤቶች መጡ። «ወይ ወለል! እዚህ ላይማ ሰርግ ይጨፈራል!» አሉ። ደስ አለው።

ሰነባበተና ቤቱ እርጥበት እርጥበት ይሸት ጀመር። ምንጣፉ እዚህም እዚያም አበጠ። አንድ ቀን ሚስቱ ወደ መስኮቱ ስትሄድ የዊልቸሯ ጎማ እብጠቱ ላይ ተያዘ። ታገለች፤ አልሆነም። ሊገፋት ሮጠ።

«ተው፣ አትግፋኝ» አለችው፤ ዓይኗ እንባ ሞልቷል። «ምንጣፉን አንሣው።»

«ሰው ምን ይላል፣ አስካልዬ?»

«ሰውማ አመስግኖ ሄደ። እዚህ የምታገለው እኔ ነኝ።»

ገለጠው። ሥሩን ላብ አጥምቆታል፤ የጀሶው ላይ እንደ እርጥብ አይብ ልሟል። የላላውን ፍቆ መስኮቱን ከፈተ። እሷም ጋቢ ደርባ ነፋሱን ቻለች። ጠያቂ ሲመጣ ቀድማ፣ «ውይ፣ ራቁቱን ነው! አትዘኑለት፣ እየተነፈሰ ነው» ትላለች እየሳቀች። እሱ መድረቁን ለማወቅ ማታ ማታ ብጣሽ ላስቲክ ወለሉ ላይ ዘርግቶ ዙሪያውን በፕላስተር ያሽጋል፤ ጠዋት ጎንበስ ብሎ ሲያይ ላስቲኩ ሥር ጉም አለ።

«እህ?» ትለዋለች።

«ገና ነው።»

«ገና ከሆነ ገና ነው፤ ምን ታደርገዋለህ?»

አንድ ጠዋት ላስቲኩ ጥርት ብሎ አደረ። ያኔ ምንጣፉን አነጠፈ። አስካለ ጎማዋን በገዛ እጇ እያሽከረከረች፣ ክፍሉን አቋርጣ ያን መስኮት ዘጋችው። እሱ በሩ ላይ እጁን አጣምሮ ቆሞ ነበር።

ልጆቼ፣ እናንተስ? ልባችሁን መታ መታ አድርጋችሁ «ደርቋል» ያላችሁት ስንቶቻችሁ ናችሁ? ከቀብር ስትመለሱ «በርታ»፣ «በርቺ» ተባላችሁ፤ ድንኳኑ ሳይነቀል ምንጣፍ አነጠፋችሁበት። ሰውም አመሰገናችሁ። ሥሩ ግን ላብ ነው። ከዓመት በኋላ በትንሽ ነገር ጎማችሁ ይያዛል፤ ለምን እንደሆነም አይገባችሁም።

እግዚአብሔር እንግዳ አይደለም፤ ራቁቱን ወለል አይቶ አይታዘባችሁም። መስኮቱን ክፈቱለት።

ዛሬ ከዚህ ስትወጡ ደግሞ፣ አጠገባችሁ ያለውን ኀዘንተኛ «እንዴት ነህ?» በሉት። «ገና ነኝ» ቢላችሁ አትግፉት። ጋቢ ደርባችሁ አብራችሁት ተቀመጡ። ቀኑ ሲደርስ መስኮቱን ራሱ ይዘጋዋል።