ደብሪቱና ዝንጉርጉሩ ማሳ

ተረት ልጀምር ነው፤ እናንተም «ይምጣ በፈረስ!» በሉኝ። ይምጣ በፈረስ!

ዱሮ፣ ዱሮ፣ ውርጭና ዝናብ እየተፈራረቁ በሚገዙት አንድ ደጋ አገር፣ ደብሪቱ የምትባል ሴት ነበረች። ባሏ ይርዳው ይባላል። ይርዳው ሞፈር ሲጨብጥ ጎበዝ ነው፤ ሰው ፊት ሲቆም ግን ድምፁ ይጠፋበታል።

ደብሪቱ ስትዳር እናቷ በሦስት ቅል ዘር ሰጥታታለች። ባንዱ ነጭ ገብስ፣ ባንዱ ጥቁር ገብስ፣ ባንዱ ደግሞ ቶሎ የሚደርሰውን፣ ሰምረታ የሚሉትን ገብስ። «ልጄ፣ የሰማይ አመሉ አይታወቅም። አንዱን ስትወጂ ሌላውን እንዳትጥዪ» ብላ መክራታለች።

ደብሪቱ ምክሩን አልዘነጋችም። በየዓመቱ ሦስቱንም ትዘራለች። አዝመራ ሲደርስ፣ ማጭድ ማሳው ሳይገባ እሷ ትገባለች። ከነጩ የሞላውን ዛላ፣ ከጥቁሩ የጠነከረውን፣ ከሰምረታው ቀድሞ የደረሰውን ትመርጣለች። እያሸች በየቅሉ ትከታለች። ነቀዝ እንዳይደፍረውም ከምድጃው በላይ፣ ጢስ ከሚያገኘው ቦታ ትሰቅለዋለች።

ታዲያ ማሳዋ አንዱ ወገን ነጭ፣ አንዱ ወገን ጥቁር፣ አንዱ ወገን ቢጫ ሆኖ ሲታይ ሰው ይስቅባታል። ከሁሉ አብልጦ የሚስቀው ጎረቤቷ ጫኔ ነበር። ጫኔ ባለጸጋ ነው። መሬቱ ሰፊ ነው። አገሩ ሁሉ ከብቱን የሚያጠጣበት ምንጭም ከሱ ማሳ ዳር ነው የሚፈልቀው።

«ይኼ ማሳ ነው ወይስ የነብር ቆዳ?» ይል ነበር።

አንድ ዓመት ዝናቡ በልክ ዘነበ፣ በልክ አባራ። የደብሪቱ ነጭ ገብስ ዛላው ከብዶት አንገቱን ደፋ። ጫኔ አየ። አይቶም አላስቻለው። መጣ።

«ነጩን ዘር አምጪ።»

«ለዘር የሚሆን ልስጥዎ፣ ጌታው። ብቻውን ግን አይዝሩት። ሰማይ...»

«ስለ ሰማይ ማን ጠየቀሽ? ሁሉንም አምጪ! አለዚያ ከብትሽ ምንጬን አያያትም።»

ይርዳው በጆሮዋ፣ «ስጪው፣ ደብሪቱ። ከባለጸጋ ጋር አትጋፊ» አላት። ሰጠች። ጫኔ ቅሉን በስልቻው ገልብጦ ሄደ። ደብሪቱ ባዶውን ቅል አነሣች። ወደ ታጨደው ማሳ ወረደች፤ የወዳደቀውን ነጭ ዛላ ቃረመች። እፍኝ ሞላላት። እፍኝም ቢሆን ዘር ዘር ነው።

በሚቀጥለው ዓመት ጫኔ ማሳውን ነጭ በነጭ አደረገው። ገብሱ ሊያሽት ሲል ውርጭ ወረደ። ጠዋት ሰው ከቤቱ ሲወጣ አገሩ ጨው የተነሰነሰበት መስሏል። የጫኔ ገብስ ተቃጠለ። የደብሪቱም ነጭ ገብስ ተቃጠለ፤ ጥቁሩን ግን ምንም አልነካው። ደብሪቱ ጥቁሩን ጎተራ ሙሉ አስገባች። ከነጩም ውርጩን ችሎ የቆመውን ጥቂት ዛላ ፈልጋ ለቀመች። «ይህን የቻለ ሌላም ይችላል» አለች።

ጫኔ መጣ። «ጥቁሩን ዘር አምጪ። ሁሉንም!»

«ብቻውን አይዝሩት፣ ጌታው።»

«አፍሽን ያዢ፣ ዘሩን ስጪ!»

ሰጠች። ማሳ ወረደች። ቃረመች።

በሦስተኛው ዓመት ክረምቱ ቸኩሎ ገባ፣ ቸኩሎ ወጣ። መስከረም ሳይጠባ ዝናቡ ቀጥ አለ። ጥቁር ገብስ ለመድረስ ጊዜ ይፈልጋልና የጫኔ ማሳ እንደ ቆመ ደረቀ። ዛላው ሲታሽ ገለባ ብቻ ሆነ። የደብሪቱ ሰምረታ ግን ቀድሞ ደርሶ፣ ተወቅቶ፣ ጎተራ ገብቷል። ከነጩና ከጥቁሩም ድርቁን የቻለውን ዛላ ለቅማ ለዘር በየቅሉ ሰቅላለች።

ጫኔ መጣ። አሁን ግን የመጣው በቁጣ ነው።

«አንቺ ደጋሚ! እኔ ስዘራው የሚሞት፣ አንቺ ስትዘሪው የሚሞላ፣ ምን ዓይነት ገብስ ነው? ነይ፣ ዳኛ ፊት!»

እንደ ጥንቱ ልማድ የነጠላዋን ጫፍ ከኩታው ጫፍ ቋጥሮ ወሰዳት። የአገሩ ዳኛ አዛዥ ወልዱ ከዝግባ ሥር ተቀምጠዋል። ሰው ዙሪያውን ከቧል።

«በዳኛ አምላክ!» አለ ጫኔ። «ይህች ሴት ማሳዬን ደግማበታለች። ለካሳዬ መሬቷን ይፍረዱልኝ!»

«አንቺስ ምን ትያለሽ?» አሉ አዛዥ።

የደብሪቱ አንደበት ጸና።

«ጌታዬ፣ ድግምት ከሆነ ማሳ እንለዋወጥ። ተደገመበት ያለውን የሱን ማሳ እኔ ልዝራው፤ የእኔን እሱ ይዝራው። ዘሩንም አስቀድሞ ይምረጥ። የመረጠውን ሁሉንም እሰጠዋለሁ፤ የተረፈውን እኔ እዘራለሁ። አዝመራው የበለጠለት ሁለቱንም ማሳ ይውሰድ።»

የጫኔ ዓይን በራ። የደብሪቱን ማሳ ከተመኘው ቆይቷል። «ሰምረታውን እመርጣለሁ!» አለ።

«መልካም። ውርርድ ዋስ ይፈልጋል» አሉ አዛዥ። «ለዚህች ሴት ዋስ ማን ነው?»

ሰው ሁሉ መሬት መሬት አየ። የማን ከብት ነው ከጫኔ ምንጭ የማይጠጣ?

«እኔ ነኝ!» አለ አንድ ድምፅ።

ዞረው ቢያዩ ይርዳው ነው። ፊቱ አመድ መስሏል። «ዋሷ እኔ ነኝ!» ሲል ደገመ፤ ሁለተኛው ጊዜ ከመጀመሪያው ጮክ ብሎ ነበር። ደብሪቱ ውርርዱን ያኔውኑ የረታች መሰላት።

ዘሩ ተዘራ። የጫኔ ሰምረታ ቸኩሎ በቀለ፣ ቸኩሎ አሸተ፣ በነሐሴ ቢጫ ሆነ። «ደረሰ! ነገ አጭዳለሁ!» ብሎ ፎከረ። በነጋው ዝናብ። በሳልስቱም ዝናብ። መስከረም ጠባ፤ ዝናብ። የደረሰው ገብስ ተኛ፣ ረጠበ፣ ፍሬው እዛላው ላይ እንዳለ በቀለ።

ደብሪቱ ጠዋት ጠዋት ከማሳው ዳር ቆማ፣ «ምነው ፈጣሪዬ» ትላለች። ገብሷ ግን ገና ለጋ ነበርና ዝናቡን ይጠጣል። ጥቅምት ሲገባ ፀሐይ ወጣ። ከፀሐዩ ጋር ብርዱም መጣ፤ ነጩ ግን የውርጭ ትራፊ ነው፣ ቻለው። ነጩም ሞላ፣ ጥቁሩም ሞላ።

አዛዥ ወልዱ አገሩን አስከትለው መጡ። ከጫኔ ወገን የሻገተ ገለባ ተከመረ። ከደብሪቱ ወገን አውድማው ምርቱን አልችል አለ። እልልታው ከተራራ ተራራ አስተጋባ!

«እስቲ ንገሪን፣ ድግምትሽ ምንድን ነው?» አሉ አዛዥ እየሳቁ።

«ጌታዬ፣ ሰማይን የማዝበት ቃል የለኝም። ውርጭ ቢመጣ የሚመክት፣ ድርቅ ቢመጣ የሚቀድም፣ ዝናብ ቢበዛ የሚታገሥ ልጅ ግን አለኝ። እናት አንዱን ልጅ አቅፋ ሌላውን ትጥላለች?»

አዛዥ ፈረዱ። ሁለቱም ማሳ የደብሪቱ ሆነ፣ ምንጩም አብሮ። «ከእንግዲህ የጠማው ሁሉ ይጠጣ!» አለች ደብሪቱ። ከዚያም ከጫኔ ገለባ መካከል ገብታ፣ ያልበቀለ የሰምረታ ዛላ እየፈለገች ለቀመች።

የአገሩ ሴቶች ቅል ቅላቸውን ይዘው ለዘር ተሰለፉ። ከሰልፉ መጨረሻ ጫኔ አንገቱን ደፍቶ ቆሟል። ከኮረብታው ላይ ጠባብ ቁራሽ መሬት ቀርታዋለች።

«የትኛውን ልስጥዎ፣ ጌታው?» አለችው።

«ከየዓይነቱ» አለ ጫኔ፣ ቀና ሳይል።

ደብሪቱ ከየዓይነቱ ሰፈረችለት። ያገሬ ሰውም ከዚያ ወዲህ እንዲህ እያለ ተረተ፦

«አምናን አይቶ የዘራ፣
ዘንድሮን በባዶ ጎተራ።»

ተረቴ አለቀ፣ ጉሮሮዬ ደረቀ፤ በሶ የበጠበጠልኝ ጸደቀ።