የላይ ጉም አለ ባዮች

በላይ ጉም አገር፣ በቤተ ጥሪ በር ላይ፣ ጎህ ሲቀድ የሚቆሙ ሰዎች አሉ። «አለ ባይ» ይባላሉ። ውስጥ መጽሐፉ ሲነበብ አንባቢዋ አንዳንድ ስም ላይ ስትደርስ ቀና ብላ ታያቸዋለች፤ እነሱም «አለ» ወይም «አለች» ብለው ይመልሳሉ፤ ንባቡም ይቀጥላል። እንግዳ ሰው ሲያየው ቀላል ሥራ ይመስለዋል። ልጅ ሳለሁ ለእኔም ይመስለኝ ነበር።

አገራችን እንደ ሌላው አገር መሬት ላይ አልተቀመጠችም። ከገደሉ ሥር ጉም ነው፤ ከጉሙ ሥር ምን እንዳለ ወርዶ አይቶ የተመለሰ የለም። ላይ ጉምን አንጠልጥሎ የያዛት መጽሐፈ ጥሪ ነው ይላሉ አባቶች። በብራናው ላይ የየኮረብታው፣ የየምንጩ፣ የየቤቱና የየሰዉ ስም በተራ ተጽፏል፤ ማለዳ የተጠራ ውሎ ያድራል፣ ያልተጠራውን ጉም ይወስደዋል። አንድ አንባቢ እንቅልፍ ሸልብ አድርጎት አንድ መስመር ቢዘል፣ ቀኘው የሚባል ሸማኔ ከነመወርወሪያው ጠፍቶ የሽመና ጉድጓዱ ብቻ እንደቀረ ይነገራል። የሞተን ሰው መጥራት ግን ከዚህም የባሰ ነው፤ የሙት ስም ከተጠራ ከእሱ በኋላ በተራ የሚጠሩት ሁሉ ወደ ሙታን ይሄዳሉ ይባላል። ስለዚህ በጥንቱ ዘመን ደኅንነቱ ያልታወቀ ሰው ዝም ተብሎ ይዘለል ነበር። ይህም ስንቱን መንገደኛ በሕይወት ሳለ እንዳጠፋው የሚያውቅ የለም። በንባቡ መካከል ከመጽሐፉ ውጭ የሆነ አንድ ቃል መናገርም ክልክል ነበር፤ ንባቡ ሲቋረጥ ጉሙ ይነሣልና።

እንደሚነገረው ይህ የተለወጠው በእመት ደብሪቱ ዘመን ነው። እመት ደብሪቱ ሠላሳ ዓመት ሲያነቡ ሳል እንኳ ያላቋረጣቸው፣ በዚህም ትንሽ ኮራ የሚሉ ሴት ነበሩ። ውዲት የምትባል አንድ ልጅ ነበረቻቸው። ውዲትን የመጀመሪያ ልጇ ምጥ ይዟት ሁለት ቀን አለፋት። በሦስተኛው ቀን ማለዳ እመት ደብሪቱ ከልጃቸው ራስጌ ተነሥተው ወደ ቤተ ጥሪ ሄዱ፤ ንባቡን ያስተማሩት ውዲትን ራሷን ብቻ ስለነበር የሚተካቸው ሰው አልነበረም። የምታምጥበት ቤት ከቤተ ጥሪው አጥር የተጠጋ ስለሆነ ጩኸቷ ይሰማል። እናትየው ዓይናቸው ብራናው ላይ፣ ጆሯቸው ግን እዚያ ነበር። ስትጮኽ ይጨነቃሉ፤ ደግሞም ደስ ይላቸዋል፤ የሚጮኽ ሰው በሕይወት አለና።

የልጃቸው ስም ሊደርስ ሰባት ስም ሲቀረው ጩኸቱ ቆመ።

እመት ደብሪቱ ሰባቱን ስም ቀስ እያሉ፣ በየመካከሉ እያዳመጡ አነበቡ። ምንም አልተሰማም፤ የእናትም ድምፅ፣ የሕፃንም ልቅሶ። ጣታቸው ውዲት የሚለው ላይ ሲደርስ ቆመ። ሞታ ከሆነና ከጠሯት፣ ከእሷ በኋላ ያለው ሕዝብ ሁሉ ሊያልቅ ነው። በሕይወት ኖራ ከዘለሏት ደግሞ በገዛ አፋቸው ልጃቸውን ለጉም ሊሰጡ ነው። ያን ጊዜ፣ በሠላሳ ዓመት ንባባቸው ለመጀመሪያ ጊዜ፣ ከብራናው ቀና አሉ።

«ልጄ አለች?» አሉ።

ስሙን ሊሰማ የተሰበሰበው ሕዝብ ደነገጠ። ጉሙም ከገደሉ አፋፍ ተነሥቶ በአጥሩ ሥር ይገባ ጀመር፤ መጀመሪያ የሰዎቹን ቁርጭምጭሚት፣ ቀጥሎ ጉልበታቸውን ሸፈነ። ስሙ ከውዲት ቀጥሎ የተጻፈው ጎንጤ የሚባል ገበሬ ብድግ አለ።

«ይዝለሏት እመት! እኛስ ሰው አይደለንም? ልጆቼ እኮ ከእኔ በኋላ ናቸው!»

ጎንጤ ክፉ ሰው ነበር የሚሉ አሉ። እኔ አይመስለኝም፤ ፈርቶ ነው።

እመት ደብሪቱ ወደ አጥሩ ዞረው «አንቺ ሽታዬ!» ብለው አዋላጇን ተጣሩ። «ሽታዬ፣ ልጄ አለች ወይ?»

አዋላጇ እጇ እስከ ክርኗ በደም እንደተነከረ በቤተ ጥሪው በር ላይ ብቅ አለች። የእሷም ስም ከጎንጤ ልጆች በታች ስለነበር፣ የምትመልሰው በራሷም ሕይወት ላይ እንደሆነ ታውቃለች። ጉሙ ወገቧ ደርሷል።

«አለች» ብላ መለሰች። ሌላ ቃል ሳትጨምር ዞራ ወደ ውዲት ሮጠች።

እመት ደብሪቱ የልጃቸውን ስም ጠሩ። ድምፃቸው ከመንቀጥቀጡ የተነሣ ጎንጤ የሰማው ስም ሳይሆን ለቅሶ መስሎት ዓይኑን ጨፈነ ይባላል። ቀጥሎ የእሱን ስም ጠሩ። ጎንጤ ዓይኑን ገልጦ እጁን አየ፤ እጁ አለ። ልጆቹን አንድ በአንድ ዳሰሳቸው። ጉሙም እየሳሳ ወደ ገደሉ ተመለሰ። ጥቂት ቆይቶ የሕፃን ልቅሶ ተሰማ፤ ከዚያም ውኃ ስጡኝ የሚል የውዲት ድምፅ።

ሊቃውንቱ ተሰብስበው ብዙ ተከራከሩ። ውዲት ሞታ ነበር፣ መጠራቷ መለሳት የሚሉ አሉ፤ አይደለም፣ ራሷን ስታ ነበር የሚሉም አሉ። እስከ ዛሬ አልተስማሙም፤ ቢስማሙማ ምን ሥራ ይኖራቸዋል። ሽታዬ ግን ካረጀች በኋላ ስትጠየቅ እንዲህ አለች ይባላል፦

«እኔ ምን አውቄ? ትንፋሿ ጠፍቶብኝ ስፈልግ ነው የጠሩኝ። ታዲያ እናት ስትጠይቅ ምን ልበል?»

አገር ሙሉ ያን ዕለት ማለዳ በአንዲት አዋላጅ ግምት ላይ ቆሞ ነበር። ቢሆንም ከዚያ ማለዳ ወዲህ ማንንም ዝም ብሎ መዝለል ቀረ፤ ደኅንነቱ ያልታወቀ ሰው ስም ሲደርስ አንባቢዋ እንድትጠይቅ፣ በር ላይ የቆመ ዘመድም እንዲመልስ ተደነገገ። እንዴት አወቅህ ተብሎ ግን አይጠየቅም።

ዛሬ በር ላይ ከሚቆሙት አንዱ እኔ ነኝ። ወንድሜ ይርዳው በገመድ ድልድይ ጉሙን ተሻግሮ ጨው ሊያመጣ ከሄደ ስድስት ዓመቱ ነው። በሦስተኛው ዓመት አንድ ኩታ ላከልን፤ ከዚያ በኋላ ወሬው የለም። በየማለዳው «አለ» እላለሁ። ከወንድሜ ስም ቀጥሎ የጎረቤታችን የእታፈራሁ፣ ከእሷም ቀጥሎ የሦስት ልጆቿ ስም ነው። ደኅና ሲውሉ ባየሁ ጊዜ፣ ያን ዕለት ማለዳ ወንድሜ ነበረ እላለሁ። ስለ ነገ ማለዳ ግን የሚነግረኝ የለም። እታፈራሁ ምንም ብላኝ አታውቅም። የወንድሜ ተራ ሲቃረብ ግን ልጆቿን ወደ ራሷ ሰብሰብ ታደርጋለች፤ እኔም እያየሁ እንዳላየ እሆናለሁ።

ባለፈው ኅዳር ከጨው አገር የመጣ መንገደኛ፣ እዚያ ወረርሽኝ ገብቶ ከእኛ ሰዎች ብዙዎቹ እንዳለቁ ነገረን። ስም አያውቅም። በማግስቱ በሩ ላይ ቆምኩ። አንባቢዋ ቀና ብላ «ይርዳው አለ?» አለችኝ። የእታፈራሁን ትንሿን ልጅ አየኋት፤ ጫማዋን ገልብጣ ትጫወታለች። ጉሙ እግሬን ሲነካኝ ቀዘቀዘኝ። ይዘለል ልል ነበር፤ እንዳልኩት ነው የምቆጥረው።

«አለ!» የሚል ድምፅ ከውስጥ መጣ።

እታፈራሁ ነበረች፤ ልጆቿን እንዳቀፈች።

አንባቢዋ የወንድሜን ስም ጠራች። ቀጥሎም የእታፈራሁን፣ ከዚያም የልጆቿን። ጉሙ ከእግሬ ሲመለስ አራቱም እዚያው ነበሩ።