ሦስት ጊዜ ዳሆይ

ተረት ተረት!

«የላም በረት!»

ምነው ድምፃችሁ ሰለለ? እራት አልበላችሁም እንዴ? እስቲ እንደገና። ተረት ተረት!

«የላም በረት!»

እንዲህ ነው እንጂ። አንቺ ዘነቡ፣ እግርሽን ሰብስቢና ታናሽሽም ይጠጋ። የዛሬው ተረት የጅብና የጦጣ አይደለም። የአንዲት ቃል ተረት ነው። ቃልም እንደ ሰው ይወለዳል፣ ያረጃል፣ ይሞታል። ይህችኛዋ ሞታለች። እኔ የማወጣላት ተዝካሯን ነው።

በድሮ ዘመን ከወንዙ በላይ አንድ አምባ ነበረ። ጠራቢ አምባ ይሉታል። መሬቱ ጭንጫ ነው፤ ዘር ቢዘሩበት ወፍ እንኳ አይጠግብም። ስለዚህ የአምባው ሰዎች የወፍጮ ድንጋይ እየጠረቡ ይኖሩ ነበር። የታች አገር እህል ሁሉ የሚፈጨው በእነሱ ድንጋይ ነው። ወንዶቹ ከገደሉ ይፈነቅላሉ፤ ሴቶቹ ይወቅራሉ። ከዚያም በጠፍር አስረው በቁልቁለቱ ያወርዱታል። ድንጋይ ደግሞ ክፉ ነው። ቁልቁለት ላይ ካመለጠ ሰው ይዞ ነው የሚሄደው።

ለዚህ አንዲት ቃል ነበረቻቸው። «ዳሆይ» ትባላለች።

ትርጉሟ ምንድን ነው ልትሉኝ ነው። ቆዩ፣ አታጣድፉኝ። ድንጋዩ ከእጁ ሊያመልጥ የደረሰ ሰው «ዳሆይ!» ይላል። የሰማ ሁሉ በእጁ የያዘውን መሬት አስቀምጦ ይሮጣል። ቡሃቃም ቢሆን ያስቀምጣል፤ ሕፃንም ቢሆን ያስቀምጣል። ከሩቅ ሆኖ «ምን ሆንክ?» ማለት ነውር ነው። መጀመሪያ ይደርሳል፣ ሸክሙን ይይዛል፣ ከዚያ ነው የሚጠየቀው።

ኋላ ኋላ ቃሏ ከድንጋዩ ወጥታ ወደ ሰው ገባች። ምጥ የጠናባት ሴት «ዳሆይ» ትላለች። ልጁን ቀብሮ ባዶ ቤቱን መግባት ያቃተው አባት በሩ ላይ ቆሞ «ዳሆይ» ይላል፣ ቀስ ብሎ። ጎረቤቱ ይመጣና አብሮት ይገባል። ኡኡታ እንዳይመስላችሁ። ኡኡታ ቤት ሲቃጠል፣ ሌባ ሲመጣ ነው። ዳሆይ ማለት «ይህ ነገር ለብቻዬ በዛብኝ» ማለት ነው። ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ ይባል የለ?

ሕግም ነበራት። በቀልድ አትባልም። ደግሞም ሦስት ጊዜ ብቻ ነው የምትባለው። አራተኛ መጥራት ሰሚውን መስደብ ነው፤ ጆሮ የለህም እንደ ማለት ነው። ሦስት ጊዜ ጠርቶ መልስ ያጣ ሰው ዝም ብሎ ይመለሳል። ሰምቶ ዝም ያለውንም ቤት ደጅ አይረግጥም። ቂም ይዞ አይደለም። ደጁን ከረገጠ አገር ያውቃላ! «እነ እገሌ ተጠርተው ዝም አሉ» ተብሎ ቤቱ ይዋረዳል። እሱ ግን አዋራጅ መሆን አይፈልግም። እንዲህ ያሉ ሰዎች ነበሩ።

በዚያ አምባ ማንጠግቦሽ የምትባል ባሏ የሞተባት ሴት ነበረች። አንጓች የምትባል አንዲት ልጅ አለቻት። ማንጠግቦሽ ወገቧን ታጥቃ ድንጋይ እየወቀረች አሳደገቻት። ልጅቱም ቆንጆ ወጣች። ቆንጆ ደግሞ ገደል ላይ ብትኖርም ትታያለች። ከወንዙ ማዶ፣ ከገበያው ከተማ፣ እጅጉ የሚባል የትልቅ ቤት ልጅ ሽማግሌ ላከና አገባት። እናቷ እልል ብላ ሸኘቻት። ሸኝታም ቤቷ ገባችና አለቀሰች።

እጅጉ ክፉ ሰው አልነበረም። እናቱ እመት ሙላት ግን አነጋገር አዋቂ ነኝ ባይ ነበሩ። እንግዳ ሲመጣ አፉን እስኪከፍት ይጠብቃሉ፤ አነጋገሩን ሰምተው ነው መቀመጫ የሚሰጡት።

አንጓች በገባች በሳምንቷ እንስራ አዝላ ከወንዝ ስትወጣ ገመዱ ላላባት። ሳታስበው «ዳሆይ!» አለች። ማን ይምጣ? በግቢው ያለው ሰው ሁሉ ቆሞ አያት። እንስራውም ወደቀና ተሰበረ።

እመት ሙላት፦ «ምን አልሽ አንቺ ልጅ? ይህ ደግሞ የምን ቋንቋ ነው? ከብት ነው የምትጠሪው?»

ገረዶቹ ሳቁ። የባሏ እህቶች ሳቁ። እጅጉም ሳቀ። ለክፋት አልነበረም፤ ግን ሳቀ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ስሟ ዳሆይ ሆነ። «ዳሆይ፣ ውሃ አምጪ።» «ዳሆይ፣ እሳቱን አንድጂ።» ያቺ ሰው የምታድን ቃል መሳቂያ ሆነች። አንጓችም ቃሏን ዋጠቻት። የአገሯን አነጋገር አንድ በአንድ ከአፏ ለቅማ ጣለች። ሁለት ዓመት ሳይሞላ የእመት ሙላትን አነጋገር ከእመት ሙላት አብልጣ አወቀች። ቅጽል ስሙም ተረሳላት። ያኔ ሰው ሆነች ተባለ።

አንድ ቀን እጅጉ በጨዋታ መሀል ጠየቃት፦ «ለመሆኑ ያ ቃልሽ ምን ማለት ነበር?»

አንጓች፦ «ምንም ማለት አይደለም። የእረኛ ጩኸት ነው።»

አያችሁ? ባል ራሱ ጠይቋት ነበር እኮ! ያን ጊዜ ብትነግረው ኖሮ እኔም ዛሬ ሌላ ተረት እነግራችሁ ነበር።

ከዚያም አንጓች ወንድ ልጅ ወለደች። ክርስትናው ሰኔ ላይ ዋለ። እመት ሙላት ቤቱን በእንግዳ ሞሉት። ቄሱ አሉ፣ ዳኛው አሉ፣ የገበያው ትልልቅ ሰው ሁሉ አለ። አንጓች አስቀድማ ለእናቷ እንዲህ ብላ ልካ ነበር፦ «መንገዱ ጭቃ ነው፣ ወንዙም እየሞላ ነው። አትድከሚ፤ እኔው እመጣለሁ።» ለእናቷ ድካም አስባ ነው? አይደለም። እናቷ በዚያ ሁሉ እንግዳ መሀል አፏን እንዳትከፍት ፈርታ ነው።

ማንጠግቦሽ ግን እናት ናት። በአምባው ወግ፣ ልጅ ስትወልድ ወፍጮና መጅ የምታስገባላት እናቷ ናት። ወፍጮው ትልቁ ድንጋይ ነው፤ መጁ ላይ ላዩን የሚገፋው ትንሹ። ያለ እሱ የልጅቱ ጎጆ ሙሉ ጎጆ አይባልም። ድንጋዩን ሟቹ ባሏ ነበር የጠረበው፣ አንጓች ገና ጡት ሳትጥል። ማንጠግቦሽ በጋውን ሙሉ ስትወቅረው ከረመች። ከዚያም ወፍጮውን በአህያ ጫነች፣ መጁን ራሷ አዘለችና ከአምባው ወረደች።

ወንዙ ጋ ስትደርስ ውሃው ጉልበት ድረስ ነው። ከማዶ የልጇ ቤት ይታያል፤ የእንግዳው ሳቅም ይሰማል። መጁን አሻግራ ከማዶ አንድ ደረቅ ድንጋይ ላይ አስቀመጠች። ተመልሳም አህያዋን ነዳች። መሀል ውሃው ላይ አህያዋ ተንበረከከች። ጭነቱም ወደ ጎን ዞረና ይጫናት ጀመር። ማንጠግቦሽ በአንድ እጇ የአህያዋን ራስ፣ በአንድ እጇ ጠፍሩን ይዛ ቀረች። እንዳትለቅ አህያዋ ልትሰምጥ ነው። እንዳትይዝ አቅም የለም።

«ዳሆይ!» አለች።

አንጓች ገንቦ ይዛ ለዳኛው ጠላ እየቀዳች ነበር። የእናት ድምፅ ለማን ይጠፋል? እጇ ሳያማክራት ገንቦውን መሬት አስቀመጠ። እግሯም ወደ በሩ ዞረ።

እመት ሙላት ቀና አሉ፦ «አንጓች፣ ይህ ያ ያንቺ አገር ጩኸት አይደለም እንዴ?»

እንግዳው ሁሉ ዞሮ አያት። የባሏ እህቶች ገና ከአሁኑ አፋቸውን በነጠላ ሸፍነዋል።

አንጓች፦ «አይደለም እመት። ከብት የሚመልስ ሰው ይሆናል።»

አፍ ሲከዳ ከሎሌ ይብሳል። ቃሉ አንዴ ከወጣ በኋላ በምን ትመልሰው? ገንቦውን አነሳችና መቅዳቷን ቀጠለች።

«ዳሆይ!»

ዳኛው፦ «በቃኝ ልጄ፣ በቃኝ፤ ኧረ ፈሰሰ!»

ጠላው ከዋንጫው አልፎ በጉልበታቸው ላይ ይወርድ ነበር።

ሦስተኛው ቀስ ያለ ነበር። ከዚያም ዝም አለ። አንጓች በሆዷ «አራተኛ በይ እማዬ፤ አንዴ ድገሚልኝና እመጣለሁ» ትላለች። አራተኛ እንደማይባል ግን እዚያ ቤት ከተቀመጠው ሰው ሁሉ የምታውቀው እሷ ብቻ ናት።

እኔ እዚህ ላይ ስደርስ ሆዴ ይባባል። ስንት ጊዜ ተናገርኩት፤ ያው ነው። ልቆጣት እፈልግና ታሳዝነኛለች። ላዝንላት እፈልግና እቆጣለሁ።

እንግዳው እስኪወጣ ጠበቀች። ከዚያም ወደ ወንዙ ሮጠች። ሰው የለም። ወፍጮው ውሃው ውስጥ ወድቋል፤ ጀርባው ብቻ ይታያል። የአህያዋ ኮቴ ወደ አምባው ተመልሷል። መጁ ግን በቤቷ በኩል፣ ደረቁ ድንጋይ ላይ፣ በእናቷ ነጠላ ተጠቅልሎ ተቀምጧል። ማንጠግቦሽ የልጇን ደጅ ሳትረግጥ ነው የሄደችው። አገር ልጇን እንዳያማባት።

አንጓች መጁን ተሸክማ ገባች።

እመት ሙላት አገላብጠው አዩት፦ «እንዴት ያለ ግሩም መጅ ነው! ከየት መጣ?»

አንጓች፦ «ከአገሬ በሰው ተልኮልኝ ነው።»

«ነገ እሄዳለሁ» አለች። ነገ ዘነበ። «ከነገ ወዲያ እሄዳለሁ» አለች። ወንዙ ሞላ። በእርግጥ ወንዙ ሞልቶ ነበር፤ እሱን አልክድባትም። ግን ወንዝ ሲሞላ ደስ የሚለው ሰው አለ። ሐምሌ እንዲህ አለፈ፣ ነሐሴም አለፈ። መስከረም ሲጠባ ልጇን አዝላ አምባውን ወጣች።

ማንጠግቦሽ ግድግዳ ተደግፋ ፀሐይ ትሞቅ ነበር። ወገቧ ጎብጧል። ያን ድንጋይ ብቻዋን ከአህያዋ ገፍታ ስትጥል ነው የተጎዳችው። ልጇን ስታይ ልትነሳ ሞከረችና አቃታት።

ማንጠግቦሽ፦ «እሰይ! መጣሽልኝ! አምጪው እስቲ፣ አምጪው!»

ልጁን ታቅፋ ሳመችው፣ አሸተተችው።

አንጓች፦ «እማዬ፣ ወገብሽ ምን ሆነ?»

ማንጠግቦሽ፦ «እርጅና ነዋ። ሌላ ምን ይሆናል?»

አንጓች፦ «ያን ቀን... የክርስትናው ቀን...»

እናቷ አላስጨረሰቻትም፦ «ውሃው ይጮህ ነበር። እንግዳም ነበረብሽ። አልሰማሽም። ብትሰሚማ ኖሮ ትመጪ ነበር።»

ይህን ብላ ዓይን ዓይኗን አየቻት። ጠበቀችም።

አንጓች አፏን ከፈተች። ልትናገር ነበር፤ እውነቴን ነው ልትናገር ነበር። ግን እናቷ ያበጀችላት መውጫ ቀላል ነበር፤ የተከፈተ በር ነበር።

አንጓች፦ «አዎ እማዬ። አልሰማሁም።»

ማንጠግቦሽ፦ «አላልኩም?»

ከዚያም ስለ ልጁ ጥርስ አወሩ። ስለ ወንዙ ነገር ዳግመኛ አልተነሳም።

በጥር ማንጠግቦሽ ሞተች። የፈሰሰ ውሃ አይታፈስም።

አንጓች ለቀብር መጣች። እንደ ማንኛዋም ልጅ አለቀሰች፣ ደረቷን መታች። አገሬውም «እናቷን የምትወድ ልጅ» እያለ አስተዛዘናት። እሱ ነው የጎዳት። ሠልስቱ ሲወጣና ሰው ወደየሥራው ሲመለስ፣ ድንጋይ የሚጠረብበት አፋፍ ላይ ወጥታ ቆመች። ያቺን ቃል ከአፏ ካወጣቻት ስንት ዘመኗ!

«ዳሆይ!» አለች።

መዶሻው ሁሉ ዝም አለ። ሰው ከየጥጉ መጣ። አንዱ መሮውን ጥሎ፣ አንዷ እንስራዋን መንገድ ላይ አስቀምጣ፣ ሽማግሌው በምርኩዙ እየተደናቀፈ መጣ። ገና አንድ ጊዜ ነው የጠራችው። «ምን ሆንሽ?» ያለ የለም። ከበቧትና ሸክሙን ሊይዙላት እጃቸውን ዘርግተው ቆሙ።

አንጓች፦ «ሰምቼ ነበር።»

ሌላ ነገር አልጨመረች። ሰዎቹ እርስ በርስ ተያዩ። ማንጠግቦሽ ለማንም ትንፍሽ ሳትል ነው የሞተችው፤ ስለዚህ ምን እንደሰማች፣ መቼ እንደሰማች የሚያውቅ አልነበረም። ሊያግዟት መጥተዋል፤ ግን በየት በኩል ይያዙት? ያን ነገር ልትቀበላት የምትችለው አንዲት ሴት ብቻ ነበረች። እሷም እናቷ ናት፤ ተጠርታ ሳትመጣ የቀረችው ያን ቀን፣ ከሞተች በኋላ ብቻ ነው። ፀሐይ እስክታዘቀዝቅ አብረዋት ቆሙ። ከዚያም አንድ በአንድ ሄደው ያስቀመጡትን አነሱ።

በሉ እንግዲህ፣ ተረቴን መልሱ፣ ጉሮሮዬን በጠላ አርሱ። ያችን ንፍሮም ወዲህ አቅርቧት፤ ዳቦ ካለ አልጠላም። ቆይ፣ ቆይ፣ ዝም በሉ እስቲ። ከጓሮ ማን ነው የሚጣራው? እናታችሁ ናት። ንፍሮው ይቆየኝ፤ እኔ አልራበኝም። ተነሱ፣ ሩጡ!