ሥጋው በእግሩ የሄደበት ወጥ

ኧረ ዝም በሉና ስሙኝ! አንዴ ብቻ ነው የምነግራችሁ። ይሄን ነገር ደግሜ ባወራሁት ቁጥር ደሜ ነው የሚፈላው።

በድሮ ዘመን፣ እንስሳ እንደ ሰው በሚያወራበት ጊዜ (ሰው እንደ እንስሳ የሚያወራበትማ አሁንም አላለፈም)፣ ቦጭቀው የሚባል ጅብ ነበር። ቦጭቀው ጉልበታም ነው፣ ሆዳም ነው፣ ከሁሉ በላይ ግን ጨዋ መባል ያምረዋል። ከዚያው አገር ደግሞ አንድ ከርከሮ ነበር። ከርከሮው አጭር ነው፣ መልከ ጥፉ ነው፣ ምላሱ ግን! ምላሱ ማር ነው አልላችሁም፤ ሚጥሚጣ ነው።

ይሄ ቦጭቀው የባላምባራስ ቆርጥመውን ልጅ ላግባ ብሎ ሽማግሌ ላከ። ባላምባራስ ቆርጥመው ትልቅ ጅብ ናቸው፤ ሰፈሩ ሁሉ የሚፈራቸው። አንድ ቀን ሰርግ ቤት ጓሮ የተደፋ ወጥ ልሰው፣ ከዚያ ወዲህ አልተቻሉም።

«ልጄን ለጥሬ በላ አልሰጥም!» አሉ። «በርበሬው የሚያቃጥል፣ በዝግታ የበሰለ፣ በጣት ሲነኩት ክር ክር ብሎ የሚፈርስ ሥጋ በገዛ ቤቱ ሠርቶ ያብላኝ። እሁድ ለምሳ እመጣለሁ።»

አያችሁልኝ? ሰው እንኳ በሬ ጥሎ ጥሬውን ይቆርጣል፤ ጅብ ወጥ አማረው!

እሁድ ጠዋት ቦጭቀው ድስት ሰረቀ፣ ሽንኩርት ሰረቀ፣ በርበሬና ቅቤ ሰረቀ። የሥጋው ነገር ሲሆን ከርከሮውን ጉድጓዱ ደጃፍ ላይ አነቀውና እየጎተተ ዋሻው አገባው።

ከርከሮ ልቡ ልትወጣ ነው። ዋሻው መውጫው አንድ ነው፤ እዚያም ላይ ድስቱ ተጥዷል፣ ከድስቱ ጎን ቦጭቀው ተገትሯል። «አለቀልኝ» አለ በሆዱ። አፉን ግን ማን ይዘጋዋል?

«አያ ቦጭቀው፣ በምን ልትሠራኝ ነው?» አለ።

«በምን ይባላል? ድስት ውስጥ እከትሃለሁ፣ በርበሬ እደፋብሃለሁ፣ አለቀ።»

ከርከሮ ሳቀ። እየሞተ ሳቀ፣ ጉድ እኮ ነው! «እሰይ የኔ ወጥ ሠሪ! ባላምባራስ አንዴ ጎርሰው ድስቱን በራስህ ላይ ነው የሚደፉት። ይሄን ሥጋ ዕድሜ ልኬን ሥር እየማስኩ ያበጀሁት ላዋርደው ነው እንዴ? ሥጋ መጨረሻ ነው የሚገባው። መጀመሪያ ቁሌት!»

«ቁሌት ምንድነው?»

«ቁሌት ምንድነው ይለኛል! ሚስት ሊያገባ!»

ቦጭቀው አፈረ። ጨዋ ነዋ! «እሺ፣ ምን ላድርግ?» አለ።

«ሽንኩርቱን ክተፍ። ደቀቅ አድርገህ።»

ቦጭቀው ከተፈ። በጥርሱ ከተፈ፣ በጥፍሩ ከተፈ። እንባው ዱብ ዱብ አለ። እናቱ ስትሞት ያላለቀሰ ጅብ ለሽንኩርት ተንሰቀሰቀ።

«አሁን አንተን ልክተት?» አለ እየተናፈጠ።

«ሥጋ መጨረሻ ነው የሚገባው! ደግሞ ቁሌት ነፋስ ላይ ይሠራል? እሳቱን እያራገበ ያሳርርብሃል። ድስቱን ወደ ውስጥ፣ ወደ ጓዳ አስገባው።»

ቦጭቀው ጉልቻውን ነቀለ፣ እሳቱን ጫረ፣ ድስቱን ተሸክሞ ወደ ዋሻው ጥግ ገባ። ውስጡ በጭስ ታፈነ። ከርከሮ ሳለ። አንዴ ሳለ፣ ሁለቴ ሳለ።

«እኔ በሩ ጋ ልሁን» አለ። «ጭስ የገባበት ሥጋ ይመራል። ባላምባራስ ደግሞ ምላሳቸው…»

«ሁን፣ ሁን!» አለ ቦጭቀው።

ሁን አለው! እኔ እኮ እዚህ ጋ ስደርስ ነው የማብደው! በሩን እኮ ነው የሰጠው፣ በገዛ አፉ!

«አሁንስ ልክተትህ?»

«ሥጋ መጨረሻ ነው የሚገባው፣ ስንቴ ልንገርህ! መጀመሪያ ሽንኩርቱን ያለ ቅቤ፣ ደረቁን አማስል። ከዚያ በርበሬ፤ ውሃ ጠብ እያደረግህ አማስል። ከዚያ ቅቤ። ቁሌት ላፍታ ከተዉት ያርራል። አማስል፣ ያርራል!»

ቦጭቀው ማማሰያውን ጨበጠ። ሽንኩርቱን አማሰለ። በርበሬውን ጨመረ፣ አነጠሰው፣ አማሰለ። ቅቤውን ጣለ፤ ድስቱ ተንጣጣና እስከ ብብቱ ረጨው፤ አማሰለ። ሽታው ዋሻውን ሞላው። እውነት ለመናገር ወጡ ወጥ ወጥቶታል። ከርከሮውን ራሱን ምራቁ ሞላ፤ የሚበላው እሱ መሆኑን አስታወሰና ዋጠው።

ከርከሮ አንድ እርምጃ ወጣ።

«ወዴት ነው?»

«ነፋስ ልቀበል። አማስል፣ ያርራል!»

ቦጭቀው አማሰለ። ከርከሮ ሁለተኛ ወጣ።

«ወዴት ነው እኮ?»

«እንግዶችህ መጥተው እንደሆነ ልይልህ። አማስል፣ ያርራል!»

ቦጭቀው አማሰለ። ከርከሮ ሦስተኛ እርምጃውን አልረገጠውም፤ ዘለለው! ጅራቱን ቀጥ አድርጎ ዳገቱን ተያያዘው።

«አንተ ከርከሮ! ተመለስ!» ቦጭቀው ማማሰያውን ጥሎ እስከ በሩ ወጣ። ወዲያው ከኋላው ድስቱ ቱስ አለ። የማረር ሽታ መጣ። ቆመ። ከርከሮውን አየ። ድስቱን አየ። ቢሮጥ ይደርስበታል እኮ! ዕድሜውን ሁሉ ሮጦ እየያዘ አይደል የበላው? ግን ቁሌቱ ካረረ ሚስት የለም፣ ጨዋነት የለም።

ተመልሶ አማሰለ።

አማሰለ ነው የምላችሁ! ሥጋው ዳገት እየወጣ፣ ባለ ሥጋው ያማስላል!

ከርከሮ ኮረብታው ላይ ደርሶ ዞር አለ። ልቡ እስካሁን ትደልቃለች። «ሂድ» አለው ጉልበቱ። ዓይኑ ግን እንዴት ይሂድ? ከቁጥቋጦ ሥር ተኛና ወደ ታች ያይ ጀመር።

ባላምባራስ ቆርጥመው ከሁለት ሽማግሌዎች ጋር ከች አሉ። ቦጭቀው ድስቱን ደጅ አውጥቶ አቀረበ፣ እጅ ነሳ። ባላምባራስ አፋቸውን ከተቱ፣ ላሱ፣ ዓይናቸው እንባ ሞላ።

«ያቃጥላል» አሉ።

«አዎ ጌታዬ።»

«በዝግታ በስሏል።»

«አዎ ጌታዬ።»

«ሥጋውስ?»

ቦጭቀው መሬት መሬት አየ። «ሥጋው… ሄደ።»

«በምን ሄደ?»

«በእግሩ።»

ሽማግሌዎቹ ተያዩ። ባላምባራስ አንገታቸውን ነቀነቁ። «ስንት ዘመን በላሁ» አሉ፣ «ከሠሪው ተሰናብቶ የሚሄድ ሥጋ ገና ዛሬ ሰማሁ።»

እንግዲህ ሦስት የተራቡ ጅቦች ናቸው። ምሳ ተብሎ ተጠርተዋል። አፋቸው በበርበሬ ነዷል። አንደኛው ሽማግሌ አፍንጫውን አነሳና አሸተተ። ድስቱን አሸተተ፣ ነፋሱን አሸተተ፣ መጨረሻ ቦጭቀውን አሸተተ። አፍንጫው ላይ ሽንኩርት፣ ክንዱ ላይ በርበሬ፣ ብብቱ ድረስ የቀለጠ ቅቤ።

«ባላምባራስ» አለ ሽማግሌው ቀስ ብሎ፣ «ቁሌቱ እኮ ደርሷል።»

«ደርሷል» አሉ ባላምባራስ፣ ዓይናቸውን ከቦጭቀው ላይ ሳያነሱ። «ሥጋ ደግሞ መጨረሻ ነው የሚገባው አሉ።»

ቦጭቀው ይሄኔ ሮጠ! ለከርከሮው ያልሮጠውን ሩጫ ሁሉ አንድ ላይ ሮጠው። ድስቱ ቀረ፣ ማማሰያው ቀረ፣ ሙሽራዋ ቀረች። የጭራው ጫፍ ግን አብራው አልሄደችም፤ ባላምባራስ ለቅምሻ አስቀሯት።

ከርከሮ ከኮረብታው ላይ «አማስል፣ ያርራል!» ብሎ ጮኸለትና ወደ ጉድጓዱ ሄደ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ከርከሮ ሲሮጥ ጅራቱን እንደ ማማሰያ እጀታ ቀጥ አድርጎ ነው። ለምን? ጅብ እንዲያየው ነዋ! እንዲያበሽቀው!

እና ልጆች፣ በጥርስህ የያዝከውን በማማሰያ አታባርረው። ጨዋ ልባል ብለህ ደግሞ ለምሳህ በሩን አትልቀቅለት።

ተረቴን መልሱልኝ፤ ድስቱን ግን ያው እናንተው እጠቡት፣ አርሯል።