ወደ ወንበሩ የሮጠው አፈ ጉባኤ

አንድ ዌልስቢ የሚባል እንግሊዛዊ ፖለቲከኛ ነበረ፤ የታላላቅ ዳኞችንና የአገር መሪዎችን የሕይወት ታሪክ ማንበብ ነፍሱ ነው። የትኛው ዳኛ ለንጉሥ ምን ብሎ እንደመለሰ፣ የትኛው ሚኒስትር በስንት ዓመቱ እንደተሾመ በቃሉ ያውቃል። እራት የጋበዙት ሰዎች ሾርባው ሳይቀርብ የአንድ ሹም ገድል ከልደት እስከ ቀብር ሰምተው ይጨርሳሉ። የእርሱም ታሪክ አንድ ቀን ተጽፎ ከነዚያ ጎን እንደሚደረደር አይጠራጠርም ነበር።

ቀኑ ደረሰና የምክር ቤቱ አፈ ጉባኤ ሆኖ ተመረጠ። በዚያ ቤት ወግ ተመራጩ ዝም ብሎ ሄዶ ወንበሩ ላይ አይቀመጥም። ሁለት አባላት ክንዱን ይዘው ይጎትቱታል፤ እሱም እምቢ እያለ ወደኋላ ይላል። ዌልስቢ ግን መቼ ትዕግሥት ኖሮት! ጎታቾቹን ራሱ እየጎተተ ወደ ወንበሩ ገሰገሰ። ቤቱ በሳቅ ፈነዳ፤ እሱም አብሮ ሳቀ።

ከስብሰባው በኋላ ቀድሞ ዳኛ የነበሩ አንድ ሽማግሌ አባል ሹመት ያዳብር ብለው ጨበጡትና ተመራጩ ለምን እንደሚጎተት ያውቅ እንደሆነ ጠየቁት። የጨዋታ ወግ መስሎት እንደነበር ነገራቸው።

«ድሮ ንጉሡ የማይወደውን የምክር ቤቱን ቃል ይዞለት የሚሄደው አፈ ጉባኤው ነበር» አሉት። «በዚሁ አንገታቸውን ያጡ አሉ። ሰው የሚጎተተው ስለሚፈራ ነው፣ ልጄ። አንተ ግን የፈራህ አትመስልም።»

ያ ዘመንማ አልፏል ብሎ በልቡ ሳቀና ቀኑን ሙሉ እንደ ሙሽራ ሲፍለቀለቅ ዋለ።

በክረምቱ አንድ የድንጋይ ከሰል ማውጫ ጉድጓድ ተደርምሶ ሠራተኞች ከውስጥ ቀሩ። የጉድጓዱ ባለቤት የጠቅላይ ሚኒስትሩ ወዳጅ ነው፤ የተረፈ የለም ተባለና ሰዎቹን ለማውጣት የተጀመረው ቁፋሮ ቆመ። የዚያ አካባቢ ተወካይ ወጣቷ ሜጋን ትሬቨር ግን ከመሬት በታች ብረት ሲመታ ሰማን የሚሉ ሰዎችን አግኝታለች። ጉዳዩን በምክር ቤቱ ፊት ካነሣችው መንግሥት መልስ መስጠት ግድ ይሆንበታል። በዚያ ቤት መናገር የፈለገ ሁሉ ይቆማል፤ የሚናገረው ግን አፈ ጉባኤው አይቶ ስሙን የጠራው ብቻ ነው።

ስብሰባው ሊጀመር ሲል ጠቅላይ ሚኒስትሩ ወደ ዌልስቢ ጠጋ አለ። ለወንበሩ ያበቃው እሱ ነው፤ ሊያስነሣውም ይችላል።

«ዛሬ ያቺን ልጅ እንዳታያት» አለው።

ሜጋን ቆመች። ዌልስቢ ሌላ ሰው ጠራ። ያ ሰው ተናግሮ ሲቀመጥ እሷ እንደገና ቆመች፤ አሁንም ሌላ ሰው ጠራ። የእነዚያ ታላላቅ ሰዎች ንግግር ሁሉ ትዝ ይለዋል፤ ከመናገራቸው በፊት ይፈሩ እንደነበር ግን የትኛውም መጽሐፍ አልነገረውም። ፈራ፤ በጣም ፈራ። ሰዓቱ ሊያልቅ ነው። ሜጋን እንደገና ተነሣች።

«ወይዘሪት ትሬቨር» አለ።

ቁፋሮው ለምን እንደቆመ ጠየቀች። ቤቱ ተናወጠ፣ መንግሥትም ቁፋሮው በዚያው ቀን እንዲቀጥል አዘዘ። በማግስቱ ሰዎቹ ከሰል ለብሰው፣ ፀሐይ ዓይናቸውን እያጭበረበራቸው፣ በሕይወት ወጡ! መንደሩ በደስታ አበደ። እናቶች የራሳቸውን ልጅ ትተው ያገኙትን ሁሉ አቀፉ።

ዌልስቢን ጠቅላይ ሚኒስትሩ ብዙ ሳይቆይ ከወንበሩ አስነሣው። ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል ይባላል። እሱን ግን የቆጨው ሜጋንን ትቶ ሌሎቹን የጠራበት ጊዜ ነው፤ እነሱ ሲናገሩ ከመሬት በታች ሰው ብረት እየመታ ነበርና።

የሥልጣን ክብሩ እንዳናየው የተነገረንን ሰው ማየት ነው። እናንተስ፣ ዛሬ ቆሞ ሲጠብቃችሁ እንዳላያችሁ ሆናችሁ ያለፋችሁት ማንን ነው?